ስኳር ድንቹን አትቀቅሉት

ጥቁር አሜሪካውያን በምስጋና ቀን ከገበታቸው የማያጠፉትን የደቡብ አሜሪካ ግዛቶችን ሳይሆን የዩናይትድ ስቴትስ ደቡብን የስኳር ድንች ፓይ (በሊጥ ቅርፊት ውስጥ የሚጋገር ጣፋጭ) ቤታችሁ ልትጋግሩ ካሰባችሁ፣ አንድ ነገር ልንገራችሁ። ስኳር ድንቹን አትቀቅሉት። ውሃ ይጠጣና የፓዩ ውስጥ ይላላል። ከነልጣጩ በሹካ ወጋ ወጋ አድርጋችሁ በ200 ዲግሪ ሴልሺየስ ኦቭን ውስጥ አንድ ሰዓት ያህል ጥበሱት። ልጣጩ ተጨማዶ ማር የመሰለ ቡናማ ፈሳሽ ጠብ ሲል በስሏል። ጣዕሙ በጣም ይለያል!

ከዚያ ልጣጩን አንስታችሁ ትኩሱን ከቅቤ ጋር በኤሌክትሪክ መምቻ ምቱት። ያ የሚያስቸግረው ክር መምቻው ላይ ተጠምጥሞ ይወጣል። እንቁላሉን፣ ወተቱን፣ ስኳሩንና ገውዙን በረድ ሲል ጨምሩ።

ፓዩን ደግሞ ዳር ዳሩ ረግቶ መሀሉ ገና ትንሽ ሲርገበገብ አውጡት። ሲቀዘቅዝ ራሱ ይጠነክራል፤ ኦቭን ውስጥ ከቆየ ግን ፊቱ ይሰነጠቃል።