ቀንዱን አውልቁት፦ ስለ ቫይኪንጎች ስታወሩ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ከአዲስ አበባ የሚመጣ ዘመድ ስቶክሆልም ሲደርስ አሮጌውን ከተማ ጋምላ ስታንን ማየቱ አይቀርም። እዚያ ከገባ ደግሞ ቀንድ ያለው የፕላስቲክ የራስ ቁር አጥልቆ ፎቶ መነሳቱ አይቀርም። አነሳዋለሁ፣ ምን አደርጋለሁ። ቤት ገብተን ቡና ላይ ስንቀመጥ ግን "ለመሆኑ ቫይኪንጎቹ ይህን አድርገው ነው የሚዋጉት?" ይላል፣ እኔም ያንኑ የለመድኩትን ንግግር እጀምራለሁ። ቤተሰቡ ሰልችቶታል። ስለዚህ ዛሬ እናንተ ስሙኝ፣ በተለይ ስለ ቫይኪንጎች ቪዲዮ ልትሠሩ ወይም ጓደኛ ፊት ልታወሩ ያሰባችሁ። ዓመቶቹ በሙሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ቀንድ ያለው ቁር

ከዚህ እንጀምር፣ እዚህ ላይ የተሳሳተን ሰው ሌላውን ወሬውንም የሚያምነው የለም። የቫይኪንግ ዘመን የሚባለው፣ የስካንዲኔቪያ ሰዎች ባሕር ተሻግረው የሚዘምቱበትና የሚነግዱበት ዘመን፣ በግርድፉ ከ793 እስከ 1066 ያለው ነው። ከዚያ ዘመን ቀንድ ያለው ቁር አንድም አልተገኘም። በ1943 ኖርዌይ ውስጥ ጄርሙንድቡ በሚባል ቦታ የተገኘው የብረት ቁር ክብ ነው፣ ዓይን ላይ መነጽር የመሰለ መከላከያ አለው፣ ቀንድ የሚባል ነገር የለውም።

ታዲያ ቀንዱ ከየት መጣ? ከመድረክ። በ1876 ጀርመን ውስጥ ባይሮይት ላይ የሙዚቃ ደራሲው የቫግነር ትልቁ ኦፔራ ሲታይ የልብሱ ሠሪ ካርል ኤሚል ዶፕለር ለአንዳንዶቹ ገጸ ባሕርያት ባለ ቀንድ ቁር አበጀላቸው። ተመልካቹ ወደደው፣ ሠዓሊው ቀዳው፣ በቃ፣ ይኸው እስከ ዛሬ ፕላስቲክ ሆኖ ይሸጣል። አንዳንዱ "ዴንማርክ ሙዚየም ውስጥ በዓይኔ አይቻለሁ እኮ" ብሎ ይከራከራል። አልዋሸም። በ1942 ቬክሶ ላይ የተገኙ ሁለት ባለ ቀንድ ቁሮች አሉ፣ ግን እነሱ ከክርስቶስ ልደት በፊት በ900 ገደማ የተሠሩ የነሐስ ዘመን ዕቃዎች ናቸው። ከቫይኪንጎቹ 1,700 ዓመት ይቀድማሉ! ደግሞስ እስቲ አስቡት፣ ቀንድ አጥልቃችሁ ሰልፍ ብትገቡ የመጣባችሁ ሰይፍ ተንሸራቶ በመሄድ ፈንታ ቀንዱን መትቶ አንገታችሁን ይዞት ነው የሚዞረው።

ሰው በገደለው ሰው የራስ ቅል ይጠጡ ነበር ማለት

ይህ የቀንዱ ታናሽ ወንድም ነው፣ ታሪኩ ደግሞ ቅኔ ለሚያውቅ ሰው ያስቃል። የኖርስ፣ ማለትም የጥንቱ ስካንዲኔቪያ፣ ገጣሚዎች ነገሩን በስሙ አይጠሩትም፣ እንደኛ ሰምና ወርቅ ይወዳሉ። "ከራስ ቅል የበቀለ ጠማማ ቅርንጫፍ" ካሉ ቀንድ ማለታቸው ነው፣ ከቀንድ የተሠራ መጠጫ። በ1636 ኦሌ ቮርም የሚባል ዴንማርካዊ ሊቅ ባሳተመው መጽሐፍ ውስጥ ግን ግጥሙ ወደ ላቲን ሲገለበጥ ተርጓሚው ወርቁ ጠፋበትና ጀግኖቹ በገደሏቸው ሰዎች የራስ ቅል ሊጠጡ ነው ብሎ ጻፈው። አውሮፓ በሙሉ አመነ። በቀንድ መጠጣት ለእኛ ምን ይደንቀናል፣ ዋንጫ የምንለው ዕቃ ራሱ ድሮ ከቀንድ የሚሠራ አልነበር? ስለዚህ ቀንድስ ነበራቸው፣ እጃቸው ላይ።

"ቫይኪንግ"ን የብሔር ስም ማድረግ

"ቪኪንግ" በጥንቱ ቋንቋቸው ዘመቻ ማለት ነው፣ ባሕር ተሻግሮ የሚዘመት። ዘማቹ ደግሞ "ቪኪንገር" ይባላል። ሥራ ነው እንግዲህ፣ ያውም ለብዙዎቹ የበጋ ሥራ። የዚያን ዘመን የስካንዲኔቪያ ሰው ሁሉ ቫይኪንግ ነበር ማለት፣ አንድ አገር ላይ ሽፍታ ስለነበረ ባልቴቷንም ቄሱንም እረኛውንም ሽፍታ እንደማለት ነው።

አብዛኛው ሰው ገበሬ ነበር። ገብስና አጃ ይዘራል፣ ላምና በግ ያረባል፣ ዓሣ ነፋስ ላይ ሰቅሎ እንደ ቋንጣ ያደርቃል። ረጅም ቤቱ ውስጥ መሐል ላይ እሳት ይነዳል፣ ግድግዳውን ተከትሎ መደብ አለ፣ ሰውና ከብት ብዙ ጊዜ በአንድ ጣሪያ ሥር ያድራሉ፣ ሰው በአንዱ ጫፍ ከብት በሌላው። ደጋ ላይ ያደገ ሰው ሙቀቱንም ሽታውንም ያውቀዋል። የዘወትር መጠጣቸው ከገብስ የሚጠመቅ ጠላ መሰል ነገር ነበር። ከማር የሚጣለውን፣ ማለትም ጠጁን፣ ለግብዣና ለትልቅ ሰው ያቆዩታል። ይህን ሳነብ ብቻዬን ሳቅሁ።

አንድ ሕዝብም አልነበሩም። ከዴንማርክ የተነሳው ወደ እንግሊዝና ፈረንሳይ፣ ከኖርዌይ የተነሳው ወደ ስኮትላንድ፣ አየርላንድና አይስላንድ፣ ከስዊድን የተነሳው በወንዝ ወደ ምሥራቅ፣ በብዛት እንዲህ ነው የሄዱት። በ2020 የወጣ ትልቅ የዘረ መል ጥናት የ442 ሰዎች አጽም መርምሮ ብዙዎቹ ፀጉራቸው ቡናማ እንደነበር፣ እንደ ቫይኪንግ ከተቀበሩት ውስጥም ዘራቸው ከስካንዲኔቪያ ያልሆነ ሰዎች እንዳሉ አሳይቷል። ስለዚህ "ሁሉም ወርቃማ ፀጉር" የሚለውንም አብራችሁ ጣሉት።

ቆሻሾች ነበሩ ማለት

በቋንቋቸው ቅዳሜ "ላውጋርዳግር" ነበር የምትባለው፣ የመታጠቢያ ቀን ማለት ነው። ስዊድኖች ዛሬም "ሎርዳግ" ይሏታል። ከመቃብራቸው ከሚወጣው ዕቃ ከቀንድና ከአጥንት የተሠራ ማበጠሪያ፣ ወረንጦ፣ የጆሮ መኩርኮሪያ ማንኪያ ሳይቀር አለ። ቆይቶ የጻፈ አንድ እንግሊዛዊ የታሪክ ጸሐፊ እንዲያውም ዴንማርኮቹ በየቀኑ ፀጉራቸውን እያበጠሩ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ እየታጠቡ፣ ልብስ እየቀያየሩ የሰው ሚስት አማለሉ ብሎ ያማርራል። እውነት ለመናገር ቅናት ነው የሚመስለው።

በሌላ በኩል ኢብን ፋድላን አለ። በ921 ከባግዳድ ተልኮ ወደ ቮልጋ ወንዝ የሄደ መልእክተኛ ነው። ሩስ የሚባሉትን፣ ከስካንዲኔቪያ ወደ ምሥራቅ የሄዱትን ነጋዴዎች አይቶ ቁመናቸውን ከዘንባባ ጋር አመሳሰለው፣ ቀጥሎ ግን ከእግዚአብሔር ፍጥረት ሁሉ የቆሸሹ ናቸው አለ። ለምን? ጠዋት ጠዋት ሁሉም በአንድ ገንዳ ውኃ ተራ በተራ ይታጠባሉ፣ ይናፈጡበታልም። በንጹሕ ውኃ ውዱ ማድረግ ለለመደ ሙስሊም ይህ ጉድ ነው። ያኛው በየሳምንቱ መታጠባቸው በዛበት፣ ይኸኛው የአስተጣጠባቸው ነገር ዘገነነው። ወሬ ስትሰሙ ከማን አፍ እንደወጣ ጠይቁ የምለው ለዚህ ነው።

የአይስላንድን ተረኮች እንደ ጋዜጣ ማንበብ

ሳጋ የሚባሉት ታሪኮች ግሩም ናቸው፣ እኔም እወዳቸዋለሁ። ግን አብዛኞቹ የተጻፉት በ13ኛው መቶ ዘመን ነው፣ በክርስቲያኖች እጅ፣ ድርጊቱ ከተፈጸመ ከሁለት መቶ ዓመት በላይ ቆይቶ። ዘመነ መሳፍንትን አሁን ቁጭ ብሎ ከአፍ ከተሰማ ብቻ እንደ መጻፍ ነው። "የደም ንስር" እያሉ በቪዲዮ የሚያስፈራሩባችሁ አገዳደል፣ ጀርባ ተቀዶ ጎድን እንደ ክንፍ የሚዘረጋበት፣ የሚታወቀው ከግጥምና ከእነዚህ ተረኮች ነው፤ እንዲያ የተደረገ አጽም ግን እስካሁን አልተገኘም። በተቃራኒው በኩል ደግሞ በ793 እንግሊዝ ውስጥ የሊንዲስፋርን ገዳም ሲዘረፍ ብዕሩን የያዙት የተዘረፉት ወገኖች ነበሩ። መነኮሳቱን አልፈርድባቸውም፣ ግን ስለ ዘራፊው ማሳ ወይም ስለ ሚስቱ ሽመና ሊጽፉልን አይችሉም ነበር።

አሁን ደግሞ በተቃራኒው፦ "ሰላማዊ ነጋዴዎች ነበሩ"

ይህኛው አዲሱ ፋሽን ነው፣ ከሁሉም በላይ የሚያናድደኝም እሱ ነው። ንግዳቸው ትልቅ እንደነበር አያከራክርም። በ1999 ጎትላንድ ደሴት ላይ ስፒሊንግስ በሚባል እርሻ 67 ኪሎ ገደማ ብር ተቀብሮ ተገኘ፣ ውስጡ ከ14,000 የሚበልጥ ሳንቲም፣ አብዛኛው የሙስሊሙ ዓለም ድርሃም። እዚሁ ስቶክሆልም አጠገብ ሄልጎ ደሴት ላይ ደግሞ ከህንድ በኩል የመጣ ትንሽ የቡድሃ ምስልና ከግብፅ የመጣ የቅብጦች የነሐስ ጭልፋ ተገኝተዋል። ጭልፋው እንዴት ተንከራቶ እዚህ በረዶ ውስጥ እንደደረሰ ባስበው አይገባኝም።

ግን ያን ሁሉ ብር ምን ሸጠው አመጡት? ፀጉራማ ቆዳ ሸጠው፣ ሰው ሸጠው። ከአየርላንድና ከስላቮች አገር ሰው እየፈነገሉ ይሸጡ ነበር፣ ደብሊንም ትልቅ የባሪያ ገበያ ነበረች። ቤታቸው ውስጥ ማሳውን የሚያርስ፣ ፍግ የሚጠርግ "ትሬል" የሚሉት ባሪያ ነበራቸው። ኢብን ፋድላን ያየው የአለቃ ቀብር ላይ አንዲት ባሪያ ልጅ ከጌታዋ ጋር እንድትሄድ ተገድላለች፣ አገዳደሏን ዘርዝሮ ጽፎታል፣ እዚህ አልደግመውም። አይስላንድን ካቀኑት ሴቶች ከግማሽ በላይ የሚሆኑት ዘራቸው ከስኮትላንድና ከአየርላንድ ነው፣ ሁሉም ወደውና ፈቅደው መርከብ የወጡ አይደሉም። ስለ ጀግንነትና ስለ ጌጣጌጥ የሚወራውን ያህል ይህም ይወራ።

ሴቶቹን ሁሉ ሰይፍ ማስታጠቅ

ድሮ ሴቶቹ ጨርሶ አይነሱም ነበር፣ አሁን ደግሞ በየፊልሙ ሁሉም ጋሻ ይዘዋል። ወሬው ያለ ምክንያት አልተነሳም። ቢርካ በምትባል የስዊድን ጥንታዊ ከተማ ላይ በ19ኛው መቶ ዘመን የተቆፈረ አንድ መቃብር አለ፣ ሰይፍ፣ መጥረቢያ፣ ቀስት፣ ሁለት ፈረስ፣ የገበታ ጨዋታ ጠጠር ሳይቀር ያለበት። "ታላቅ ጦረኛ ወንድ" ሲባል ኖሮ በ2017 ዘረ መሉ ሲታይ አጽሙ የሴት ሆነ። ተዋግታለች ወይስ በማዕረግ ነው የተቀበረችው የሚለው ክርክር አልበረደም። ያም ሆነ ይህ አንድ መቃብር ሠራዊት አይሆንም።

ለእኔ የሚገርመኝ ሌላ ነው። ያ ሁሉ መርከብ የሚሄደው በሸራ፣ ሸራው የሚሠራው ከበግ ፀጉር ነው። ፀጉሩን የሚፈትሉትና የሚሸምኑት ሴቶች ናቸው፣ የአንድ ትልቅ መርከብ ሸራ ደግሞ የዓመታት የእጅ ሥራ ይበላል። እንዝርቷ ካልዞረች ዘመቻም የለም። በቅርጹ ውበት የሚደነቀው የኦሰበርግ መርከብ በ834 የተቀበረው ከሁለት ሴቶች ጋር መሆኑንም አትርሱ።

መርከብ ላይ አስተኝቶ፣ ባሕር ላይ ገፍቶ፣ በእሳት ቀስት ማቃጠል

የፊልም ነው። ኢብን ፋድላን የተቃጠለ መርከብ አይቷል፣ ግን የብስ ላይ ተጎትቶ ወጥቶ ነው። የኦሰበርግና የጎክስታድ መርከቦች ጭራሽ አልተቃጠሉም፣ ጉብታ ሥር ስለተቀበሩ ነው ዛሬ የምናያቸው።

እስከ መጨረሻው ጣዖት አምላኪ እንደነበሩ ማውራት

ዴንማርክን አስጠመቅሁ ብሎ ድንጋይ ላይ ያስቀረጸው ንጉሥ ሃራልድ ብሉቱዝ ነው። አዎ፣ ስልካችሁ ላይ ያለው ብሉቱዝ ስሙም ምልክቱም የእሱ ነው፣ ምልክቱ የስሙ ሁለት ፊደላት ተደራርበው ነው። የአይስላንዱ ታሪክ ግን ይበልጣል። በ930 የተቋቋመው ሸንጎ በ1000 ገደማ በሃይማኖት ለሁለት ሊሰነጠቅ ሲል ነገሩን ለሕግ ተናጋሪው ለቶርጌር ሰጡት፣ እሱም ራሱ አማልክት አምላኪ ነው። ካባውን ተከናንቦ አንድ ቀንና አንድ ሌሊት ተኛ፣ ዝም ብሎ። ሲነሳ "ሁላችንም እንጠመቅ፣ የፈረስ ሥጋ መብላቱ ግን ይፈቀድላችሁ፣ በድብቅ የሚሠዋም ካለ እንዳይታይ" ብሎ ፈረደ። ሽማግሌ ማለት እንዲህ ነው።

ወደ ምዕራብ ብቻ ሄዱ ብሎ ማሰብ

እንግሊዝ፣ ፓሪስ፣ አሜሪካ ይባልና ያበቃል። ምሥራቁን የሚያነሳው ጥቂት ነው። በዲኒፐር ወንዝ ወርደው፣ ወንዙ ሲያቋርጣቸው መርከቡን በየብስ ጎትተው፣ ቁስጥንጥንያ፣ የዛሬዋ ኢስታንቡል፣ ደርሰዋል። ከ10ኛው መቶ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ የቢዛንታይኑ ንጉሠ ነገሥት ጠባቂ ዘብ ከእነሱ ይመለመል ነበር። በ1066 እንግሊዝ ላይ የወደቀው የኖርዌይ ንጉሥ ሃራልድ ሃርድራዳ በወጣትነቱ እዚያ አገልግሏል።

ኢስታንቡል ከሄዳችሁ ሃጊያ ሶፊያ ፎቅ ላይ እብነ በረዱን "ሩን" በሚባለው በቫይኪንጎቹ ፊደል የጫረ ሰው አለ። ዛሬ በደንብ የሚነበበው ስሙ ብቻ ነው፣ ሃልፍዳን። ቅዳሴው ረዝሞበት ይሆናል። መቋሚያ የሚሰጠው ሰው እንኳ አልነበረም።