ከታላቅ የባንድ መሪ ጋር አልበም ስትቀርጹ ልታስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ባለፈው ክረምት፣ በባሕር ዳር አንድ የሐይቅ ዳር ሆቴል ጃዝ የምትዘፍን ወጣት ቤቴ መጣች። ስሙ የገነነ የባንድ መሪና የሙዚቃ ደራሲ አልበም እንሥራ ብሏት ደስታው ከፊቷ ይነበብ ነበር። «እትዬ፣ ምን ይዤ ልሂድ?» አለችኝ። ቡናው በረካ እስኪደርስ አወራን፤ ሆኖም ልነግራት የሚገባኝን ሁሉ አልጨረስኩም። እኔም ከዓመታት በፊት እንደ እርሷ በአንድ ታላቅ የባንድ መሪ ተጠርቼ ቀርጫለሁ። ያን ጊዜ የሠራኋቸውን፣ በኋላም በሌሎች ያየኋቸውን ስህተቶች ለእርሷም ለሌሎቻችሁም እዚህ ልጻፍ።

ሌሎቹን ሁሉ የሚወልደው ስህተት፣ ደራሲው ድምፃችሁን ጠንቅቆ ሳያውቅ ቅንብር እንዲጽፍ መተው ነው። አሜሪካዊው የጃዝ ደራሲ ዱክ ኤሊንግተን ለግማሽ ምዕተ ዓመት ያህል ባንድ ሲመራ የሚጽፈው ለአልቶ ሳክስፎን ሳይሆን ለጆኒ ሆጅስ፣ ለትራምፔት ሳይሆን ለኩቲ ዊሊያምስ ነበር። የእያንዳንዱን ተጫዋች ትንፋሽና አመል አውቆ ነው ወረቀት ላይ የሚያሰፍረው። የእኛም አዝማሪ ማሲንቆውን ከጉሮሮው ጋር ሳያስማማ የመጀመሪያውን ስንኝ አይጥልም። ስለዚህ ልምምድ ሳይጀመር ሁለት ሦስት ዘፈን ያለ አጃቢ ቅረጹና ላኩለት። ድምፃችሁ የሚሰበርበትን፣ የሚሻክርበትን ቦታ አትደብቁ። እናንተ እንከን የምትሉት ሻካራ ድምፅ ለጥሩ ደራሲ የአንድ ዘፈን መነሻ ሊሆን ይችላል።

የዜማው ከፍታ ጉዳይም ከዚሁ ይመጣል። በሆቴል ውስጥ ከአንድ ኪቦርድ ጋር ስንዘፍን ከፍታ መቀየር ቀላል ነው፤ ተጫዋቹ አንድ ቁልፍ ይጫንና ያበቃል። ትራምፔት፣ ትሮምቦንና ሳክስፎን ባሉበት ባንድ ግን የእያንዳንዱ ድርሻ በኖታ ተጽፏል። ዘፈኑ ሁለት እርከን ዝቅ ይበል ካላችሁ ሁሉም እንደገና ይጻፋል፤ ዝቅ ያለው ሳክስፎን ከነጭራሹ የማይደርስበት ድምፅ ላይ ሊወድቅ፣ ደምቆ የነበረው ትራምፔትም ሊደበዝዝ ይችላል። እኔ ከፍታዬን የመረጥኩት ማታ፣ ሁለት ሰዓት ሙሉ ከዘፈንኩ በኋላ፣ ጉሮሮዬ ሞቆ ነበር። ቀረጻው ደግሞ ጠዋት ሦስት ሰዓት ላይ ተጀመረ። ሁለት ዘፈን ታንቄ ከዘፈንኩ በኋላ እውነቱን ተናገርኩ፤ ያ ትልቅ ሰው የነፊዎቹን ድርሻ በሙሉ እንደገና ሲጽፍ አደረ። ከፍታችሁን ጠዋትም ማታም፣ ደክሟችሁም ሞክሩት፤ በሦስቱም የሚሆነውን ያዙ። ዝግጅት ማጣት በትልልቆቹም ይደርሳል። ታዋቂዋ አሜሪካዊት የጃዝ ዘፋኝ ኤላ ፊትዝጀራልድ እ.ኤ.አ. በ1957 ከኤሊንግተን ጋር የእርሱን ዘፈኖች ስትቀርጽ ቅንብሮቹ ተሟልተው ባለመምጣታቸው አንዳንዶቹ እዚያው ስቱዲዮ ውስጥ ተሠርተዋል። ኤላ ግን ኤላ ናት፤ እኛ በዚያ መተማመን የለብንም።

ሁለተኛው ስህተት «ጃዝ ነው» በሚል ሰበብ ቅኝቱን ማደብዘዝ ነው። ይህ እጅግ ያሳስበኛል። ትዝታ፣ ባቲ፣ አምባሰልና አንቺሆዬ እያንዳንዳቸው በአምስት ድምፅ የቆሙ ናቸው፤ መልካቸውን የሚሰጣቸው የያዙት ብቻ ሳይሆን የተዉትም ድምፅ ነው። ሙላቱ አስታጥቄ አሜሪካ ተምረው፣ እ.ኤ.አ. በ1960ዎቹ ኢትዮ ጃዝን ሲጀምሩ የገጠማቸው ፈተና ይኸው ነበር፤ ባለ አምስት ድምፁን ዜማ በአሥራ ሁለት ድምፅ ከሚሠራው የምዕራባውያን ስምም (ሃርመኒ) ጋር ሲያጋቡ ቅኝቱ ጠረኑን እንዳያጣ መጠንቀቅ ነበረባቸው። ከዜማው በታች ያሉት ኮርዶች፣ ማለትም አብረው የሚመቱት ድምፆች፣ የፈለጉትን ያህል ሊወሳሰቡ ይችላሉ፤ ያን ድልድይ የሚሠራው ደራሲው ነው። ድምፃዊቷ ግን ከአሜሪካ ዘፋኞች የሰማችውን ማጣጠፊያ በአንቺሆዬ መሃል ስትጨምር፣ ቅኝቱ የተወውን ድምፅ መልሳ ታስገባለች፤ ያን ጊዜ ዘፈኑ አንቺሆዬም ብሉዝም ሳይሆን ይቀራል። ለመፈልሰፍ ከፈለጋችሁ እዚህ ባሕር ዳር ከአንድ አዝማሪ ቤት ገብታችሁ ማሲንቆው በአንዲት የጭራ ክር ስንት ዓይነት እንጉርጉሮ እንደሚያወጣ አድምጡ። በአምስቱ ድምፅ መካከል ያለው ስፍራ ጠባብ አይደለም። ኤሊንግተን ራሱ እ.ኤ.አ. በ1973 አዲስ አበባ ሲመጣ ከሙላቱ ጋር ተጫውቷል፤ እንዲህ ያለ ሰው ከእኛ ሊሰማ የሚመጣው የራሱን ቅጂ አይደለም።

ሦስተኛው፣ ለሁሉም ነገር «እሺ ጋሼ» ማለት። አስተዳደጋችን ለታላቅ መታዘዝን ያስተምራል፤ መልካም ነው፤ ስቱዲዮ ውስጥ ግን ዝምታ ደራሲውን ያሳስተዋል። አንድ ረጅም ስንኝ ትንፋሽ አልበቃ እያለኝ ስምንት ጊዜ ቀረጽነው። በመጨረሻ «ጋሼ፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና እዚህ ጋ ትንፋሼ አያደርሰኝም» አልኩ። «ታዲያ እስካሁን ለምን ዝም አልሽ፣ ልጄ?» አለና በእርሳሱ አንድ ጭረት ጨምሮ ለትራምፔቱ ሁለት ምት ሰጠው። እኔ ተነፈስኩ። ዛሬ ሰዎች ከዚያ ዘፈን የሚወዱት ያቺን የትራምፔት መግቢያ ነው። ማክበር ማለት የሚያስፈልገውን መረጃ በትሕትና መስጠት ነው። ቅንብሩን በባንዱ ፊት መንቀፍ ግን ሌላ ነገር ነው፤ ለዚያ የሻይ ሰዓት አለ።

ነፊዎቹ በሚመልሱበት ክፍተት ላይ እንጉርጉሮ መደረብም ስህተት ነው። ክፍተቱ ለእነርሱ ተጽፏል፤ ተዉላቸው።

አሁን ወደ ሐይቃችን ልምጣ። «ጣናን በዘፈኑ ውስጥ እናስገባው» ብለው ማይክሮፎን ይዘው ውኃ ዳር የሚወርዱ አሉ። ሐሳቡ ያምራል፤ እኔም ጣናን እወዳለሁ። ነገር ግን ከሰዓት በኋላ ከሐይቁ የሚነሳው ነፋስ ማይክሮፎኑን ሲመታ የምትሰሙት ጉርምርምታ እንጂ ውኃ አይደለም። ጠዋት የወፎቹ ጫጫታ፣ ማታ እንቁራሪት፣ ቀኑን ሙሉ ባጃጅ አለ። የውኃውንና የታንኳውን ድምፅ ከፈለጋችሁ ለብቻው፣ ነፋሱ ሳይነሳ በማለዳ ቅረጹና በኋላ ጨምሩት። ድምፃችሁን ግን በዝግ ክፍል ቅረጹ። ሐምሌና ነሐሴ ላይ ቆርቆሮ ክዳን ባለው ቤት ቀጠሮ አትያዙ፤ ዝናቡ ሲጀምር የሰባት ሙዚቀኛ ቀን ይባክናል። ባለ ልዩ ግድግዳ ስቱዲዮ ከሌለ ጋቢና ብርድ ልብስ ከዘፋኙ ጀርባና ጎን መስቀል የክፍሉን ማስተጋባት ብዙ ይቀንሳል። መብራት እንዳይጠፋም ለኮምፒውተሩ የባትሪ መጠባበቂያ ይኑር፤ ጄኔሬተር ድምፁ ራሱ ይገባል። ሌሊቱን ሆቴል ዘፍናችሁ በማግስቱ ጠዋት አትቅረጹ፤ ቢያንስ ሁለት ቀን ዕረፉ።

ባንዱ አዲስ አበባ፣ እናንተ ባሕር ዳር ብትሆኑስ? መሃላችን ከ500 ኪሎ ሜትር በላይ መንገድ ነው፤ ብዙዎች የባንዱ ቀረጻ ተልኮላቸው በላዩ ይዘፍናሉ። ይህ በራሱ ስህተት አይደለም። አሜሪካዊቷ ዘፋኝ ሮዝመሪ ክሉኒና ኤሊንግተን እ.ኤ.አ. በ1956 እንዲሁ ሠርተዋል፤ ባንዱ ኒው ዮርክ ቀረጸ፣ ነፍሰ ጡር የነበረችው ክሉኒ ድምፅዋን ሎስ አንጀለስ ሆና ጨመረች። ነገር ግን ቅንብሩን የሠራው ቢሊ ስትሬይሆርን ራሱ ሎስ አንጀለስ ሄዶ አጠገቧ ነበር። ስህተቱ ይህን ሰው ማስቀረት ነው። በጆሮ ማዳመጫ የሚመጣ ባንድ አያያችሁም፣ አይጠብቃችሁም፤ ስትዘገዩ አብሮ አይዘገይም። ደራሲው መምጣት ካልቻለ ሐሳቡን የሚያውቅ አንድ የባንዱ አባል በአውቶቡስም ቢሆን ይምጣ። ለሌላ ማስጌጫ ከምታወጡት ገንዘብ ለእርሱ መጓጓዣ ብታወጡ ይሻላል።

የመጨረሻው የወረቀት ጉዳይ ነው፤ በወዳጅነት ሰበብ ብዙ ጊዜ ይታለፋል። በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የዜማና የግጥም ደራሲው መብት አንድ ነው፣ ከዋኙ ማለትም የእናንተ የድምፃውያን መብት ሌላ ነው። ዜማው የማን፣ ግጥሙ የማን፣ የቀረጻው ባለቤት ማን እንደሆነና ገቢው እንዴት እንደሚከፈል ቀረጻው ሳይጀመር በጽሑፍ አድርጉት። ታላቁ ሰው በዚህ አይቀየምም፤ እንዲያውም ብዙ ጊዜ ከእናንተ በላይ የተጎዳበት ነገር ነው።

ከአዝማሪ ቤት የሰማችሁትን ስንኝም «የሕዝብ ነው» ብላችሁ አትውሰዱ። እኔ አንድ ቅኔ ያዘለ ስንኝ ወስጄ ከዘፈንኩ በኋላ ቆይቼ ነው ያፈርኩት። አልበሙ ሳይታተም ወደ ባሕር ዳር ተመልሼ የሰማሁበት ቤት ሄድኩና አዝማሪውን ስንኙ የእርሱ መሆኑን ጠየቅኩት። ማሲንቆውን ጭኑ ላይ አስተኛና «የእኔ ነው» አለኝ። ምን እንዲደረግለት እንደሚፈልግ ስጠይቀው ከክፍያው በፊት ስሙ እንዲጻፍለት ነው የፈለገው። በሽፋኑ ጀርባ፣ ከግጥም ደራሲዎቹ ጋር ተጽፏል።