ምላስ ማፍታቻን ከንቱ የሚያደርጉ ስህተቶች

በፍጥነት መጀመር። «ሸማ ሻጭ ሰማያዊ ሸማ ሲሸጥ ሰማሽ?» የሚለውን በአንድ ትንፋሽ ለመጨረስ የሚቸኩል ሰው ብዙም ሳይቆይ «ሰ»ን «ሸ» ማለት ይጀምራል። ሲደጋግመው ምላሱ የሚለምደው ስህተቱን ነው። ቃል በቃል እየቆራረጡ በዝግታ ይበሉት። አምስት ጊዜ በተከታታይ ሳይሳሳቱ ሲሉት ብቻ ጥቂት ያፍጥኑ፤ ከተደናቀፉ ወደ ቀድሞው ፍጥነት ይመለሱ።

«ቀ»፣ «ጠ» እና «ጨ»ን በትንፋሽ መግፋት። አማርኛን በጎልማሳነት የሚማሩም ሆኑ ውጭ አገር ያደጉ ልጆች ብዙ ጊዜ የሚቸገሩት እዚህ ላይ ነው፤ «ቀጠቀጠ» ሊሉ «ከተከተ» ይወጣቸዋል። እነዚህ ድምፆች የሚፈጠሩት ጉሮሮ ተዘግቶ አፍ ውስጥ በታመቀ አየር ነው፤ የሳንባ ትንፋሽ አይገባበትም። መፈተኛው ቀላል ነው፦ ትንፋሽዎን እንደያዙ «ቅ፣ ጥ፣ ጭ» ይበሉ፤ ጥርት ብለው ይሰማሉ። «ክ፣ ት፣ ች» ለማለት ቢሞክሩ ግን ወይ አይወጡም፣ ወይ ወደ «ቅ፣ ጥ፣ ጭ» ይለወጣሉ። ልዩነቱ ከገባዎት በኋላ «ቀጭን ቀጭኔ ቀጨኔ ቀረች» ወደሚለው ይሂዱ። (ቀጭኔዋ አዲስ አበባ፣ ቀጨኔ ሰፈር ምን እንደምትሠራ አይጠይቁን።) ጉሮሮዎን ካመመዎት ከልክ በላይ እያስጨነቁት ነውና ያቁሙ።

ማጥበቅና ማላላትን መዘንጋት። ፊደላችን የሚጠብቀውን ከሚላላው ለይቶ አያሳይም። «ዋናው የዋና አስተማሪ ዋና አይችልም» ሲባል የመጀመሪያው «ና» ይጠብቃል፣ የቀሩት ሁለቱ ይላላሉ። ተንጋግቶ ሲነበብ ሦስቱም ይመሳሰሉና ቀልዱ ይጠፋል። «ለገና ገና ነው» ላይም በዓሉ ይጠብቃል፣ ሌላው ይላላል። የሚጠብቀው ፊደል ላይ በእርሳስ ነጥብ ያድርጉና እዚያ ሲደርሱ ድምፁን ረዘም አድርገው ይያዙት። አማርኛ ዜና ለማንበብ የሚዘጋጅ ሰው ከሁሉ በላይ በዚህኛው ይጠቀማል።

የእንግሊዝኛውን እንዳለ መውሰድ። ለ«ስ» እና ለ«ሽ» ይረዳ ይሆናል፤ «ጥ» እና «ቅ» ግን የሉበትም።

ራስን ሳይቀዱ መለማመድ። እየተናገሩ የራስን ስህተት መስማት ይከብዳል። በስልክዎ ይቅዱና ጽሑፉን እያዩ ያዳምጡ። በቀን አምስት ደቂቃ፣ በሳምንት አንዴ ከሚደረግ የአንድ ሰዓት ትግል ይሻላል።

ለመንተባተብ መድኃኒት ማድረግ። የሚንተባተብን ልጅ ሰው ፊት አቁሞ «በል ድገመው» ማለት ጭንቀቱን ያባብሰዋል እንጂ አንደበቱን አይፈታውም። የሚያስፈልገው የንግግር ሕክምና ባለሙያ ነው።