ድምፅ አልባ ኮሜዲ በስልክ መስራት ለምትፈልጉ የደሴና የኮምቦልቻ ልጆች፦ ከበስተር ኪተን ምን እንስረቅ

ቲክቶክ ላይ ኮሜዲ የሚሰራ ልጅ በየሰፈሩ ሞልቷል፣ ደሴም ኮምቦልቻም፣ ግን አብዛኛው ሚያስቀው በአፉ ብቻ ነው። ድምፁን ዘግታችሁ እዩት እስቲ፣ ሁለት ሰው ቆሞ አፉን ሲያንቀሳቅስ ነው ሚታየው፣ ሌላ ምንም የለም። እኔ ደግሞ ምላችሁ ምንም ሳይወራ የሚያስቅ ስሩ ነው። አማርኛ የማይሰማ ሰው ያየዋል፣ ማይክ መግዛት የለባችሁም፣ የፒያሳ ባጃጅ ጡሩምባና የጦሳ ተራራ ንፋስም ስራችሁን አያበላሽባችሁም። ከማን እንማር ካላችሁኝ ከበስተር ኪተን፣ ድሮ በድምፅ አልባ ፊልም ዘመን ኮሜዲ ይሰራ ከነበረው አሜሪካዊ ተዋናይና ዳይሬክተር። ቻፕሊንን ሁሉም ሰው ያውቀዋል፣ ኪተንን ግን እዚህ ብዙ ሰው አያውቀውም፣ ለጀማሪ ዳይሬክተር ግን በኔ ግምት ከቻፕሊን እሱ ይበልጥ ይጠቅማል።

ሰውየው 1895 (ዓመቱን ሁሉ በፈረንጅ ነው ምጠራው) ካንሳስ ውስጥ ተወለደ፣ እናት አባቱ ከከተማ ከተማ እየዞሩ መድረክ ላይ የሚሰሩ ናቸው። ልጁንም ገና በህፃንነቱ ስራው ውስጥ አስገቡት፣ ስራው ደግሞ መወርወር ነው፣ አባትየው ብድግ ያረገውና መድረኩ ላይ ይወረውረዋል፣ ለመያዣ እንዲመች ብለው ልብሱ ላይ የሻንጣ እጀታ ሰፍተውለት ነበር። እዛ ነው ዋናውን ነገር ያወቀው፦ ወድቆ ሲነሳ እሱ ከሳቀ ተመልካቹ አይስቅም፣ ምንም እንዳልተፈጠረ ፊቱን ኮስተር ካረገ ግን አዳራሹ በሳቅ ይፈርሳል። በኋላ "ታላቁ የድንጋይ ፊት" ያሉት ለዚህ ነው።

ስለዚህ መጀመሪያ ምትለማመዱት ፊት ነው። ስልኩን አቁማችሁ ቅረፁ፣ ጓደኛችሁ ከኋላ መጥቶ ያልጠበቃችሁትን ነገር ያርግባችሁ፣ ውሃ ይድፋ፣ ወንበሩን ይሳበው ምናምን፣ እናንተ ግን ሳቅ የለ፣ ንዴት የለ፣ ካሜራውን ማየትማ በጭራሽ። ዝም በሉ ማለት ግን ሙት ሁኑ ማለት አይደለም፣ አይናችሁ ይሰራል። ኪተንን አስተውላችሁ ካያችሁት ፊቱ አይነቃነቅም ግን ምን እያሰበ እንደሆነ ታውቃላችሁ፣ መጀመሪያ ነገሩን ያየዋል፣ ከዛ ይቆማል፣ ከዛ ነው ሚንቀሳቀሰው። ያቺን መሃል ላይ ያለችዋን ቆም ማለት የኛ ልጆች ቸኩለው ይዘሏታል፣ ሳቁ ግን ያለው እሷ ጋ ነው።

ቀጥሎ ታሪኩ። ኪተንና ጓደኞቹ በጥሩ ዘመናቸው የተፃፈ ስክሪፕት ይዘው አልነበረም ሚሰሩት፣ ጥሩ መነሻና ጥሩ መጨረሻ ካገኙ መሃሉን እየቀረፁ ያገኙታል። እናንተም እንዲ ጀምሩ። አንድ ምሳሌ ልስጣችሁ፣ ከፈለጋችሁ ውሰዱት። ደሴ ቁልቁለት ላይ ነች አይደል፣ አንድ ባጃጅ ቆሟል፣ አልነሳ ብሏል። ኮፍያ ያረገው ሰውዬ ተሳፋሪ ነው፣ ወርዶ ይገፋል፣ ባጃጁ ይነሳና ጥሎት ይሄዳል። ሰውየው ያየዋል፣ ኮፍያውን ያስተካክላል፣ ሁለተኛ ባጃጅ ውስጥ ይገባል፣ ያም አልነሳ ይላል፣ ይገፋል፣ ያም ጥሎት ይሄዳል። ሶስተኛው ላይ ገብቶ ቁጭ ሲል ሹፌሩ ዞር ብሎ ያየዋል። ሰውየው ምንም ሳይባል በራሱ ጊዜ ወርዶ ከኋላ ሄዶ ለመግፋት ይዘጋጃል፣ ባጃጁ ግን ምንም ያልሆነ ጤነኛ ነው፣ አስነስቶ ውልቅ። ሹፌሩ ዞር ያለው ሂሳብ ለመቀበል ነበር። እዚህ ውስጥ አንድ ቃል አያስፈልግም፣ ሶስተኛው ላይ ነገሩ ስለሚገለበጥ ነው ሚያስቀው፣ ሶስቴም ያው ቢሆን ኖሮ ይሰለቻል። መንገዱን ግን መኪና የማይበዛበት የውስጥ ለውስጥ ምረጡ፣ ከአዲስ አበባ መቀሌ የሚያልፈው ዋናው አስፋልት ላይ እንዳትሞክሩት፣ አይሱዙ ኮሜዲ አያውቅም።

አቀራረፅ ላይ ሰው ሁሉ ሚሳሳተው ጠጋ ብሎ ፊት ብቻ መቅረፅ ነው። ራቅ በሉ፣ ከጫማ እስከ ኮፍያ ሙሉ ሰውነት ይታይ፣ ባጃጁም ቁልቁለቱም አብሮ ይግባ። ኪተን ቀልዱን በተቻለ መጠን ሳይቆራርጥ በአንድ ሾት ሙሉ አካሉን ያሳይ ነበር፣ ምክንያቱም ከቆረጥከው ተመልካቹ አጭበርብሯል ይላል፣ ሳይቆረጥ ካየው ግን ያምናል። ስልኩን በእጅ አትያዙት፣ ትራይፖድ ከሌለ ድንጋይ ላይ ወይ አጥር ላይ አስደግፉት፣ ዋናው አይነቃነቅ።

ፍጥነቱን በተመለከተ፣ የድሮ ፊልም ላይ ሰዎቹ ቱር ቱር የሚሉት ካሜራው በእጅ ስለሚሽከረከር ነው፣ ካሜራማኑ ቀስ ብሎ አሽከርክሮ ይቀርፃል፣ ሲታይ በፈጠነ ፍጥነት ይታያል። እናንተ ካፕከት (የስልክ ቪዲዮ መቁረጫ አፕ) ላይ ፍጥነቱን 1.2 ወይ 1.3 እጥፍ ብታረጉት ይበቃል፣ ከዛ ካለፈ ካርቱን ይሆናል። ብርሃኑን ደሴ ላይ ጠዋት ተጠቀሙበት፣ በተለይ ክረምት ከሰዓት በኋላ ጉሙ ከጦሳ ወርዶ ከተማውን ሲያለብሰው ሰውና ምሰሶ አይለይም (ለሆረር ፊልም ግን አሪፍ ነው)። ሐረጎን ወርዳችሁ ኮምቦልቻ ከሆነ ችግሩ ተቃራኒ ነው፣ እኩለ ቀን ላይ ፀሃዩ ፊት ላይ ጥቁር ጥላ ይጥላል፣ ከጠዋቱ 4 ሰዓት በፊት ወይ ከ10 ሰዓት በኋላ ውጡ።

አሁን ወደ ጣፋጩ እንምጣ። በ1928 ፊልሙ ላይ ኪተን ቆሞ ሳለ ሁለት ቶን ያህል የሚመዝን የቤት ፊት ለፊት ግድግዳ ሙሉው ይወድቅበታል፣ እሱ የተከፈተው መስኮት ስር ስለቆመ ምንም ሳይነካው በመስኮቱ ያልፈዋል። ትሪክ የለውም፣ እውነተኛ ግድግዳ ነው፣ ትንሽ ቢዛነፍ አልቆለት ነበር። እኛ ይሄንን በካርቶን ነው ምንሰራው፣ በካርቶን ብቻ፣ ቆርቆሮና ጣውላ አይታሰብም። የፍሪጅ ካርቶን ከዕቃ መሸጫ ለምናችሁ ሁለቱን አያይዙ፣ ቁመቱ 2 ሜትር ተኩል ገደማ ይሁን፣ የቤት ግድግዳ አስመስላችሁ ቀቡት። ስሌቱ ቀላል ነው፦ ግድግዳው ግርጌው ሳይንሸራተት ከወደቀ፣ 1 ሜትር ተኩል ከፍታ ላይ የነበረ ነገር ከግርጌው 1 ሜትር ተኩል ርቀት ላይ መሬት ይነካል። ግን የናንተ ጭንቅላት ከመሬት ከፍ ስላለ ግድግዳውን ቀድሞ ነው ሚያገኘው፣ ስለዚህ የመስኮቱ የላይኛው ጠርዝ ከምታስቡት በላይ ከፍ ማለት አለበት። ዱካ ላይ ተቀምጣችሁ ቡና እየጠጣችሁ ብትሰሩት ይቀላል። ጀርባችሁን ለቤቱ ሰጥታችሁ ከግርጌው 1.4 ሜትር ላይ ተቀመጡ፣ መስኮቱን ከ1.3 እስከ 2.1 ሜትር ከፍታ ድረስ ቅደዱት፣ ጎኑ 80 ሴንቲ ይሁን። ግርጌውን በድንጋይ አስይዙ፣ መጀመሪያ ባዶ ዱካ ላይ ጆንያ አስቀምጣችሁ ጣሉት፣ ጆንያውን ካልነካው ቦታውን በኖራ ምልክት አርጉና እናንተ ግቡ። ሲኒውን እንዳትለቁት። ግድግዳው ከወደቀ በኋላ አንድ ፉት ማለት ነው፣ ሌላ ምንም።

አወዳደቅ ላይ ደግሞ ጀግና አትሁኑ። ኪተን ከልጅነቱ ሲወረወር ያደገ ሰው ሆኖ እንኳን በ1924 አንድ ፊልም ሲቀርፅ ከባቡር ውሃ ማጠራቀሚያ የወረደ ውሃ ሐዲድ ላይ ጥሎት አንገቱ ተሰብሯል፣ መሰበሩን ያወቀው ከብዙ ዓመት በኋላ ራጅ ሲነሳ ነው። ከፍሬም ውጪ ስፖንጅ ፍራሽ አንጥፉ፣ ከቆማችሁበት ከፍታ በላይ አትውደቁ፣ አዝዋ ገደል ጫፍ ላይ የሚቀረፅ ነገር የለም። ኪተን ባቡር እውነተኛ ድልድይ ላይ ሰብሮ የቀረፀበትን ፊልም አይታችሁም የኮምቦልቻ ሐዲድ ላይ እንዳትወጡ፣ እሱ ራሱ ያን ፊልም 1926 ሰርቶ ገንዘቡን አልመለሰለትም።

ኮፍያውን ለሚጠይቅ፦ ጠፍጣፋዋን ኮፍያ ራሱ ነበር ሚሰራት፣ መደበኛ ኮፍያ አሳጥሮ ቆርጦ ጠርዙን በስኳር ውሃ እየነከረ ያደርቀዋል። ስኳር ባሁኑ ዋጋ አይመከርም፣ የቤት ስታርች ይሰራል። ዋናው ሰው ከሩቅ በቅርፅ እንዲለያችሁ አንድ ነገር ይኑራችሁ፣ ኮፍያም ይሁን የአያት ካፖርት።

ስለ ስራ ህይወቱ ደግሞ፣ ፊልም ለመስራት ላሰበ ሰው ይሄ ከቀልዱ እኩል ይጠቅመዋል። 1917 ኒውዮርክ ላይ ሮስኮ አርባክል የሚባል ኮሜዲያን ጋር ሲገናኝ ኪተን በሳምንት 250 ዶላር የሚከፈልበት የመድረክ ስራ በእጁ ነበረው፣ ያንን ትቶ በሳምንት 40 ዶላር ፊልም ውስጥ ገባ፣ ገና ሲጀምር ያረገው ደግሞ ካሜራው እንዴት እንደሚሰራ ፈታቶ ማየት ነው። ሶስት ዓመት ገደማ ሰው ስር ሰርቶ 1920 የራሱን አጫጭር ፊልሞች ጀመረ። እናንተም መጀመሪያ የሰው ሰርግ ቅረፁ፣ ኤዲት አርጉ፣ ተሸከሙ፣ ችግር የለውም። እሱን ያጠፋው ነገር የመጣው 1928 ነው፣ ትልቅ ስቱዲዮ ጋር ፈረመ፣ እዛ ሁሉ ነገር በስክሪፕትና በአለቃ ሆነ፣ እንደበፊቱ እየሞከረ መስራት ቀረ፣ መጠጥም ተጨመረበት፣ 1933 አባረሩት። ከዛ በፊት የሰራቸው ፊልሞችም የራሱ ንብረት አልነበሩም። ስለዚህ ሰው "እኔ ላሳድግልህ" ብሎ ሲመጣ አካውንቱ በማን ስልክ ቁጥር እንደተከፈተ፣ ፓስዎርዱ ማን ጋ እንዳለ፣ ኦሪጅናል ፋይሉ የት እንደሚቀመጥ መጀመሪያ ተነጋገሩ፣ ጓደኛም ቢሆን በወረቀት።

ሙዚቃ ከኢንተርኔት አትጎትቱ፣ በኮፒራይት ይዘጉባችኋል። ወሎ ተቀምጠን ባቲና አምባሰል እያለን ደግሞ ምን ፈልገን። ማሲንቆ ወይ ክራር የሚጫወት ልጅ ፈልጉና ቪዲዮውን እያየ ይጫወትላችሁ፣ ድምፅ አልባ ፊልምም ድሮ ሲታይ ሙዚቀኛ እዛው አዳራሽ ቁጭ ብሎ ነበር ሚጫወተው። ፅሁፍ ካስፈለገ አጭር፣ አንድ ወይ ሁለት ቦታ ብቻ።

ሳትለቁት በፊት ቡና ሲፈላ ለተሰበሰበ ሰው አሳዩት፣ አቦሉ ላይ ሰው ገና ወሬ ላይ ስለሆነ ቶና ላይ ይሻላል። ምንም አታስረዱ፣ ቪዲዮውን ሳይሆን ሰዎቹን እዩ፣ ዝም ያሉበትን ቦታ በቃላችሁ ያዙና ቁረጡት። ኪተን በ1924ቱ የመርከብ ፊልሙ ላይ ባህር ውስጥ ገብቶ እንደ ትራፊክ ፖሊስ አሳዎችን የሚያስቆምና የሚያሳልፍበት ቦታ ነበረው፣ ብዙ የተለፋበት ነው፣ ለሙከራ ሲያሳዩት ሰው አልሳቀም፣ አወጣው።