«ዕውቅና ያለው ኮሌጅ» ብሎ ነገር የለም

«ዕውቅና ያለው ኮሌጅ ነው» የምትለዋ አባባል ብዙ ሰው አስለቅሳለች። ዕውቅና፣ ማለትም የማስተማር ፈቃድ፣ ለኮሌጁ ስም አይሰጥም። የሚሰጠው ለአንድ የትምህርት መስክ፣ ለአንድ ደረጃ፣ ለአንድ ካምፓስ፣ ያውም በመደበኛ ነው ወይስ በርቀት ተብሎ ተለይቶ ነው። ከእነዚህ አንዷ ከተዛነፈች ወረቀቱ ለእናንተ አይሠራም።

እናም የመጀመሪያው ስህተት ግድግዳ ላይ የተሰቀለውን ሰርተፊኬት አይቶ መመዝገብ ነው። አንዲት የሰፈራችን ልጅ አካውንቲንግ ተምራ፣ ጋውን ለብሳ፣ ድንኳን ተጥሎላት ተመረቀች። ጉዱ የወጣው መሥሪያ ቤት «ማስረጃሽን አረጋግጠሽ ነይ» ሲላት ነው። ኮሌጁ አካውንቲንግ ለማስተማር ፈቃድ ነበረው። ግን ለሌላኛው ካምፓስ! ዲግሪ ከሆነ የትምህርትና ሥልጠና ባለሥልጣንን፣ ቴክኒክና ሙያ ከሆነ ደግሞ አብዛኛውን ጊዜ የክልሉን ወይም የከተማውን ፈቃድ ሰጪ መሥሪያ ቤት፣ መስኩንና ካምፓሱን ጠርታችሁ ጠይቁ። «ኮሌጁ ፈቃድ አለው ወይ?» ካላችሁ «አዎ» ትባላላችሁ፤ መልሱም ውሸት አይደለም። (በነገራችን ላይ የቆየ ወረቀት ላይ የከፍተኛ ትምህርት አግባብነትና ጥራት ኤጀንሲ የሚል ስም ካያችሁ አትደንግጡ፤ ባለሥልጣኑ በ2014 ዓ.ም. ከመቋቋሙ በፊት ሥራው የእሱ ነበር።)

«በሂደት ላይ ነው» ሲባል ማመን ሌላው ነው። ፈቃድ ጊዜ አለው፣ ይታደሳል። እድሳቱ ሲመጣ እንመዘገባለን በሉ፣ በቃ።

ከሁሉ የሚያናድደኝ ግን «ከውጭ ዩኒቨርሲቲ ጋር በትብብር» የሚለው ነው። ሁለት ተቋማት ስለተፈራረሙ ዕውቅና አይወለድም። ህንድ አገር ኮሌጅ በአንድ ዩኒቨርሲቲ ሥር ተጠልሎ፣ ዲግሪውን ዩኒቨርሲቲው የሚሰጥበት ሥርዓት በሕግ አለ፤ እዚያም ቢሆን ለምሕንድስናው የቴክኒክ ትምህርት ምክር ቤቱ ፈቃድ ለብቻው ይጠየቃል። ይህን የዘለሉ አንዳንድ ተቋማት ምሕንድስናን በርቀት ሲያስተምሩ ኖሩና በ2017 እ.ኤ.አ. ጉዳዩ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፊት ቀረበ። ከ2001 እስከ 2005 እ.ኤ.አ. የገቡት ተማሪዎች ዲግሪያቸው ታግዶ ፈተና ካለፉ ብቻ እንዲመለስላቸው ተወሰነ፤ ከዚያ በኋላ የገቡት ዲግሪ ጭራሹኑ ተሰረዘ። አስቡት፣ ስንቱ ሥራ ይዞ፣ ትዳር መሥርቶ፣ ልጅ ወልዶ ነበር። «እስካሁን ማንም አልጠየቀኝም» የሚል ሰው ሳገኝ ይኼ ትዝ ይለኛል።

ሕግ አይቀየርም ብሎ መተማመንም አለ። በ2002 ዓ.ም. ክረምት መንግሥት የርቀት ትምህርትን ድንገት አግዶ፣ የግል ተቋማትም ሕግና መምህርነት እንዳያስተምሩ ብሎ ነበር። በኋላ ለዘብ አለ። ግን እስኪለዝብ ድረስ ያ ሁሉ ተማሪ ግራ ተጋብቶ ከረመ።

አሁን ለኮሌጅ ባለቤቶች። ኪራይ ተወደደ ብላችሁ ሳታሳውቁ ሕንፃ አትቀይሩ፤ ፈቃዱ ዕቃ ጭኖ አብሯችሁ አይሄድም። ፈቃድ ተከልክላችሁ ወይም ተሰርዞባችሁ ከሆነ ደግሞ ተናዳችሁ በቀጥታ ፍርድ ቤት አትሂዱ። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 መጀመሪያ ቅሬታችሁን እዚያው መሥሪያ ቤት ውስጥ እንድትጨርሱ ይፈልጋል። ይህን ሳታደርጉ ክስ ብትከፍቱ ዳኛው ዋናውን ጉዳይ ሳያይ ሊመልሳችሁ ይችላል። ውሳኔውን በጽሑፍ፣ ከነምክንያቱ ጠይቁ። በቃል «አይሆንም» የተባለ ሰው ምን ይዞ ይከራከራል? ጊዜ ገደብም አለው፤ «እስቲ ሽማግሌ እንላክ» ስትሉ ቀኑ ያልፋል። ደግሞም ፍርድ ቤቱ የሚያየው ውሳኔው ሕግን ተከትሏል ወይ የሚለውን ነው እንጂ ላቦራቶሪያችሁን ሊጎበኝ አይመጣም። የመምህራን ዝርዝርና የመሣሪያ ጉድለት ክርክር የሚያልቀው እዚያው ባለሥልጣኑ ዘንድ ነው።

ተማሪዎች የሚሳሳቱት ደግሞ ማንን እንደሚከሱ ነው። ንዴታቸውን ይዘው ባለሥልጣኑ በር ላይ ይሰለፋሉ። ገንዘቡን የበላው ግን ኮሌጁ ነው፤ የከፈላችሁትንና የደረሰባችሁን ኪሳራ የምትጠይቁት ከእሱ ነው፣ በውል። ለዚህ ደረሰኝ ያስፈልጋል። የባንክ ስሊፕ፣ የምዝገባ ፎርም፣ «ሙሉ ዕውቅና ያለን» የሚለው በራሪ ወረቀት፣ ቴሌግራም ላይ የለጠፉት ማስታወቂያም ሳይቀር። ስክሪንሾቱን ዛሬ አንሱት፤ ነገሩ ሲነካካ መጀመሪያ የሚጠፋው እሱ ነው።