ከምንጩ መቅዳት፦ ገጣሚ ከቀደሙት ጸሐፍት እንዴት ይውሰድ?

«ቀዳ» የሚለው ግስ በአማርኛ ሁለት ሥራ ይሠራል። ውኃ ከምንጭ ይቀዳል፤ ጽሑፍም ከጽሑፍ ይቀዳል። ውኃ የቀዳ ሰው እንስራውን ሞልቶ ቢሄድ ምንጩ አይደርቅም፤ ውኃውም በገባበት ቤት ሌላ ነገር ይሆናል። ጽሑፍ የቀዳ ሰው በእጁ የሚቀረው ግን ያው ቀድሞ የነበረው ቃል ነው። ገጣሚ ከቀደሙት ጋር ያለው ጉዳይ ሁሉ በእነዚህ በሁለቱ ትርጉሞች መካከል የሚያልፍ ስለሆነ፣ ከዚህ በታች የማቀርበው ምክር በመጀመሪያው ትርጉም መቅዳትን ለመልመድ የሚረዳ ነው።

አስቀድሞ ግን ብዙ ጀማሪዎችን የሚያሰናክል አንድ ስጋት አለ። «የሌላውን ካነበብኩ የራሴ ድምፅ ይበረዝብኛል» የሚሉ ወጣቶች ብዙ ገጥመውኛል። እኔ የታዘብኩት የዚህን ተቃራኒ ነው። አንድ ገጣሚ ብቻ ያነበበ ሰው፣ ቢፈልግም ባይፈልግም፣ እንደዚያ ገጣሚ ይጽፋል፤ ሃያ ገጣሚ ያነበበ ግን ሃያው እርስ በርስ ስለሚጣሉበት ለመምረጥ ይገደዳል፤ የራስ ድምፅ የምንለውም አብዛኛው ከዚህ ምርጫ የሚወጣ ነው። ጨርሶ ያላነበበውም ቢሆን ከተጽዕኖ ነፃ አይደለም፤ ከዘፈን፣ ከማስታወቂያና ከሰሞኑ ወሬ የሰማው ሐረግ በግጥሙ ውስጥ ሳያውቀው ይገባል።

ስለዚህ ሥራው የሚጀመረው በጆሮ ነው። ለዚህ ከቅኔ ቤት የተሻለ አስተማሪ አላውቅም። ተማሪው ግስ አጥንቶ፣ በሁለት ቤት ከምትቋጨው ከጉባኤ ቃና ተነሥቶ፣ በዘአምላኪየ፣ በሚበዝኁና በዋዜማ በተባሉት የቅኔ ዓይነቶች በኩል እያለፈ ስምንት ቤት ወዳለው መወድስ ይወጣል። መምህሩ ቅኔ ይነግራሉ፤ ሰሙን ከወርቁ ለይተው፣ ታሪኩንና ምሥጢሩን ያስረዳሉ። ተማሪው ግን የመምህሩን ቅኔ መልሶ ቢያቀርብ አይቆጠርለትም። ጥግ ይዞ የራሱን ቅኔ ይቆጥራል (ያዘጋጃል)፣ ለመምህሩ ይነግራል፣ ይታረማል። በሚቀጥለው ጊዜ ደግሞ ሌላ አዲስ ቅኔ ይጠበቅበታል። ከመምህሩ የተቀበለው የቅኔውን መንገድ ነው፤ በመንገዱ የሚሄደው ግን ራሱ ነው። በቅኔ ቤት ቋንቋ ቅኔ መናገር «መዝረፍ» መባሉም ሊያሳስተን አይገባም፤ ቅኔ ዘራፊ የሌላውን ቅኔ ቢያሰማ ጉባኤው ወዲያው ያውቅበታል።

ይህን ሥርዓት በቤትዎ ሊያካሂዱት ይችላሉ። የሚወዱትን አንድ የቀደመ ገጣሚ ይምረጡና በሳምንት አንድ ግጥም በቃልዎ ያጥኑ። በዓይን ማንበብ አይበቃም፤ ድምፅ አውጥተው ይበሉት፣ ሐረጉ የሚያርፍበትን ቦታ በእጅዎ እየመቱ ይቁጠሩት። በአማርኛ በብዛት በሚሠራበት፣ የወል ቤት በተባለው የግጥም ምት፣ እያንዳንዱ ስንኝ ሁለት ሐረግ፣ እያንዳንዱም ሐረግ 6 ቀለም (የድምፅ ክፍል) አለው። ሰንጎ መገን 5 በ5፣ ቡሄ በሉ 4 በ4 ይሄዳል። ቁጥሩን ማወቅ ጠቃሚ ቢሆንም፣ ጆሮዎ ሳይቆጥር «እዚህ አንድ ቀለም ጎደለ» ብሎ እስኪነግርዎ ድረስ ልምምዱን አይተዉት። በሳምንቱ መጨረሻ በዚያው ቤት፣ በፍጹም ሌላ ጉዳይ ላይ፣ ስድስት ወይም ስምንት ስንኝ ይጻፉ። ይህ ልምምድ ነውና ለኅትመት አያስቡት።

ከልምምዱ ጎን ለጎን ማስታወሻ ደብተር ይኑርዎ። ያጠኑትንና የወደዱትን ሐረግ ሁሉ ከባለቤቱ ስም ጋር ይመዝግቡ። ይህን የምለው በራሴ ደርሶ ነው፤ በጀማሪነቴ ከጻፍኳቸው ሁሉ አብልጬ የምወደው አንድ ስንኝ ከዓመታት በፊት ያጠናሁት የሌላ ሰው ሐረግ ሆኖ አገኘሁት። አእምሮ ቃሉን ይይዝና ስሙን ይጥላል። ያን ጊዜ የተሰማኝን እፍረት ማንም እንዲቀምስ አልፈልግም።

አሁን ወደ ዋናው እንምጣ፤ ከቀደመው ሰው ምን ይወሰዳል? ሐረግ፣ ቅርጽ፣ ታሪክ፣ ወይም ክርክር ሊወሰድ ይችላል። ብዙውን ጊዜ የምንሳሳተው በሐረጉ ላይ ስለሆነ እርሱን ሰፋ አድርገን እንመልከተው።

በጃፓን ከ1162 እስከ 1241 እ.ኤ.አ. የኖረው ፉጂዋራ ኖ ቴይካ ከጥንት ግጥም ሐረግ መዋስን በሕግ ያስያዘ ሰው ነው። የዚያ ዘመን ግጥም አምስት ስንኝና 31 ቀለም ብቻ ስለነበረው፣ ጥቂት መበደር እንኳ ብዙ ነበር። ቴይካ ከአምስቱ ስንኝ ከሁለቱና ከጥቂት ቀለማት በላይ እንዳይወሰድ መከረ። ጉዳዩም እንዲለወጥ አዘዘ፤ የጥንቱ ግጥም ስለ ወቅትና ስለ አበባ ከሆነ፣ አዲሱ ስለ ፍቅር ይሁን፤ የጥንቱ ስለ ፍቅር ከሆነ ደግሞ አዲሱ ወደ ወቅቱ ይዙር። ሦስተኛው ምክሩ በቅርብ ዘመን ከነበሩ ገጣሚዎች ሐረግ አትውሰዱ የሚል ነው። ይህን የመጨረሻውን ከሁሉ አብልጬ እወደዋለሁ፤ የጥንቱ ቃል የሁሉም ሀብት ሆኗልና አንባቢው ሲሰማው ያውቀዋል፣ የትናንቱ ገጣሚ ቃል ግን ገና የራሱ ነው።

እነዚህ ምክሮች በአማርኛ እንዴት እንደሚሠሩ ለማሳየት አንድ ምሳሌ ልሥራ። የሚከተሉትን ሁለት ስንኞች የጻፍኳቸው ራሴ ብሆንም፣ ሁላችንም በቃላችን የምናውቃቸው የጥንት ስንኞች ናቸው ብለን እናስብ።

ወንዙ ሞላ ብዬ ከዳር ቆሜ ሳለሁ፣
ውኃው አልፎ ሄደ፣ እኔ እዚያው አለሁ።

አንድ ገጣሚ «ወንዙ» ያለውን «ጎርፉ»፣ «ውኃው» ያለውን «ማዕበሉ» ብሎ ቢጽፍ ቃል ለወጠ እንጂ ግጥም አልጻፈም፤ ቤት መምቻው፣ ሐሳቡና ቅሬታው ያው ናቸው። ሌላው ግን አንዲት ሐረግ ብቻ ወስዶ፣ ከስንኙ መጨረሻ ወደ መጀመሪያው አዛውሮ፣ ቤት መምቻውንም ጉዳዩንም ቢለውጥ እንዲህ ሊል ይችላል።

ከዳር ቆሜ ሳለሁ እናቴ አረጀች፣
እየጠራች ስሜን ዕድሜዋን ጨረሰች።

በዚህኛው ውስጥ ወንዝ የሚል ቃል የለም። የመጀመሪያውን የሚያውቅ አንባቢ ግን ውኃው ከሥር ሲወርድ ይሰማዋል፤ የሚያልፈው ጊዜ መሆኑን፣ ባለታሪኩም ለመሻገር ሲጠብቅ እናቱ ከማዶ ስትጣራ እንደኖረች ይረዳል። የመጀመሪያውን የማያውቅ አንባቢም ባዶ እጁን አይመለስም። ከጥንቱ የተወሰደው ሐረግ 6 ቀለም ብቻ ሆኖ ሳለ፣ ያልተነገረ ነገር ይዞ መጥቷል።

የሚወሰደው ነገር ቃል ላይሆንም ይችላል፤ አንዲት የእጅ እንቅስቃሴ ብቻዋን ዘመናትን ትሻገራለች። በሆሜር ኦዲሲ ውስጥ ኦዲሲየስ በሙታን አገር የእናቱን ነፍስ አግኝቶ ሊያቅፋት ሦስት ጊዜ ይሞክራል፤ ሦስቱንም ጊዜ እንደ ጥላ ከእጁ ታመልጣለች። ሮማዊው ቨርጂል ከክርስቶስ ልደት በፊት በመጀመሪያው ክፍለ ዘመን በጻፈው በኤኒድ ውስጥ ኤንያስ በዚያው በሙታን አገር አባቱን ሊያቅፍ ሦስት ጊዜ ይሞክራል፤ እርሱም አይጨበጥለትም። ከዚያ ከ1,300 ዓመታት በኋላ ዳንቴ፣ ቨርጂልን ራሱን መሪው አድርጎ በሚጓዝበት ግጥም ውስጥ፣ ዘፋኝ ወዳጁን ካዜላን ሊያቅፍ ሦስት ጊዜ እጁን ይዘረጋል፤ ሦስቱንም ጊዜ እጁ ወደ ገዛ ደረቱ ይመለሳል። እቅፉና ቁጥሩ ያው ናቸው፤ የተለወጠው የሚታቀፈው ሰው ነው፤ መጀመሪያ እናት፣ ቀጥሎ አገር የሚመሠርትለት አባት፣ በመጨረሻም ወዳጅ። የእያንዳንዱ ገጣሚ ዘመን አብልጦ የሚናፍቀው ማንን እንደሆነ ከዚህ ለውጥ ይታያል። እርስዎም የቆየ ትዕይንት ሲወስዱ «በእኔ ግጥም የሚታቀፈው ማን ነው?» ብለው ይጠይቁ። መልሱ ያው ከሆነ ገና አልጻፉትም።

ቅርጽን መውሰድ ከሐረግ ይልቅ ነፃነት ይሰጣል፤ ቅርጽ የማንም የግል ንብረት አይደለምና። ከግእዝ የምስጋና ግጥሞች መካከል መልክዕ የቅዱሱን አካል ከራስ ጠጉር ጀምሮ በየተራ «ሰላም ለ» እያለ፣ አምስት አምስት ስንኝ ባለው አርኬ ያወድሳል። ይህን ቅርጽ የወሰደ የዛሬ ገጣሚ የአንዲትን ከተማ፣ የአንድን የደከመ ሠራተኛ ወይም የአንድን ወንዝ «አካል» በየክፍሉ ሰላም ሊል ይችላል። እዚህ ላይ መጠንቀቅ የሚያስፈልገው ቅርጹ ከምስጋናና ከጸሎት ጋር መምጣቱን ነው። አንባቢው «ሰላም» የሚለውን ሲሰማ ቅድስና ይጠብቃል፤ ያን ጥበቃ ምን እንደሚያደርጉት ሳይወስኑ አይነሡ።

አንዳንድ ጊዜ የርእስ ቃል ብቻ ይበቃል። ጸጋዬ ገብረ መድኅን «ሰቆቃወ ጴጥሮስ» ብሎ ሲጽፍ፣ «ሰቆቃወ» የሚለው አንድ ቃል ስለ ኢየሩሳሌም መጥፋት የሚያለቅሰውን ሰቆቃወ ኤርምያስንም፣ በጽጌ ወቅት የሚዜመውንና የእመቤታችንን ስደት የሚያነሣውን ሰቆቃወ ድንግልንም ይዞ ይመጣል። በፋሺስት ጥይት በ1928 ዓ.ም. የተገደሉት ጳጳስ አቡነ ጴጥሮስ እሮሮአቸውን የሚያሰሙት ለእመ ብርሃን ነውና ርእሱ ለጌጥ የተቀመጠ አይደለም፤ የተማሪ ቤትና የማኅሌት ትዝታ ያለው አንባቢ የመጀመሪያውን ስንኝ ሳያነብ ልቅሶው በየትኛው ዜማ እንደሚወርድ ያውቃል።

የቀደመ ጸሐፊ ማለት ባለ መጽሐፍ ብቻ አለመሆኑን እዚህ ላይ ማንሣት ተገቢ ነው። መንግሥቱ ለማ የታወቁት ሊቅ የአለቃ ለማ ኃይሉ ልጅ ሲሆን፣ በቃል ይወራ የነበረውን የአባቶች ጨዋታ ሰብስቦ በዚያው ርእስ አሳትሟል። «ባሻ አሸብር በአሜሪካ» በሚለው ግጥሙ ደግሞ የአገር ቤቱን ሰው ኩራትና አነጋገር ይዞ የአሜሪካን የዘር መድልዎ አሳይቶበታል። ከአያት የሰሙት ተረት፣ የልቅሶ ሙሾ፣ የፉከራ ግጥም ከታተመው እኩል ውርስ ነው። እንዲያውም በእኔ አስተያየት ዛሬ እየቀረ ያለው ይኸኛው ስለሆነ፣ ሙሾ የሚያወርዱ አረጋዊት የሚያውቁ ሰው ከመጻሕፍት መደርደሪያው በፊት ወደ እርሳቸው ይሂዱ።

ከቀደሙት ጋር መጣላትም ከእነርሱ መውሰድ ነው። ገጣሚዎቹ ሰሎሞን ዴሬሳና ገብረ ክርስቶስ ደስታ ከተለመደው ምጣኔና ቤት አመታት ሲወጡ አንባቢው ተደናግጧል፤ ሊደነግጥ የቻለውም ጆሮው ምን መጠበቅ እንዳለበት ስለሚያውቅ ነው። የወል ቤትን በትክክል መምታት የማይችል ሰው የወል ቤትን ቢሰብር፣ አንባቢው ስሕተት እንጂ ዐመፅ አይሰማበትም። ስለዚህ ከአንድ ገጣሚ ጋር መከራከር ከፈለጉ መጀመሪያ የእርሱን ሐሳብ በእርሱ ቤት፣ እርሱ ራሱ «ልክ ነው» እስኪል ድረስ ይጻፉት፤ መልሱን ከዚያ በኋላ ይስጡ።

የባለቤትነትን ነገር ደግሞ በአጭሩ ላንሣ። በኢትዮጵያ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የደራሲው የኢኮኖሚ መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተም በኋላ ለ50 ዓመታት ይጠበቃል። አጭር ጥቅስ ምንጩና የደራሲው ስም ተገልጦ ሊገባ ይችላል። ሐሳብ፣ ቅርጽና ምጣኔ የማንም አይደሉም። በግጥም መድብል ውስጥ «ከእገሌ ስንኝ በኋላ» የሚል አንድ መስመር ከርእሱ ሥር ማስቀመጥ የግጥሙን ክብር አይቀንስም፤ አንባቢንም ወደ ምንጩ ይመራል። ሁሉም ሰው ወዲያው የሚያውቀውን የዳዊት ቃል ወይም ምሳሌያዊ አነጋገር ግን መጥቀስ አያስፈልግም፤ መታወቁ ራሱ ምስክር ነው።

ረቂቁን ሲጨርሱ ለሁለት ሰዎች ያንብቡላቸው፤ አንዱ የጥንቱን ግጥም የሚያውቅ፣ ሌላው ጨርሶ ያልሰማው ይሁን። ያልሰማው ሰው «ምን ለማለት ነው?» ብሎ ከጠየቀ፣ ግጥሙ በተውሶው ላይ ተደግፏልና በራሱ እግር እስኪቆም ይሥሩት። የሚያውቀው ሰው ምንም ካልተሰማው ደግሞ የወሰዱት ሐረግ ሥራ አልያዘምና ያውጡት። ሁለቱም ዝም ብለው ከቆዩ በኋላ የሚያውቀው ሰው የጥንቱን ግጥም በቃሉ ማለት ከጀመረ፣ ረቂቁን ያስቀምጡና አብረውት ይበሉ።