በዝናብ ቀን የቤዝቦል ጨዋታ መኖር አለመኖሩን እንዴት ማወቅ ይቻላል

እግር ኳስ ዝናብ እየዘነበም ይቀጥላል፤ ቤዝቦል ግን ይቆማል። ወርዋሪው በሰዓት 150 ኪሎ ሜትር ገደማ የሚለቃት ኳስ ከረጠበች ከእጁ አምልጣ መቺው ላይ ልታርፍ ትችላለች። ተጫዋቾቹ የሚሮጡበት አፈርም ጭቃ ይሆናል። ስለዚህ ዋሽንግተን ዲሲ ውስጥ ለከተማው ቡድን ለናሽናልስ ጨዋታ ትኬት የገዛ ሰው ሰማዩ ሲጠቁር መጀመሪያ የሚጠይቀው «ጨዋታው ተሰርዟል እንዴ?» ብሎ ነው።

በአፍ «ተሰርዟል» የምንለው ግን አብዛኛውን ጊዜ ስረዛ አይደለም። ጨዋታው ዘግይቶ ሊሆን ይችላል፤ ወደ ሌላ ቀን ተዛውሮ፣ ወይም ተጀምሮ ተቋርጦም ሊሆን ይችላል። ጨርሶ መቅረት በጣም ብርቅ ነው። ከቤት መውጣትዎም ሆነ የትኬትዎ ዕጣ የሚወሰነው ከእነዚህ የትኛው እንደሆነ በማወቅ ነው።

1. ጨዋታውን በትክክል ይለዩ

በአሜሪካ መርሐ ግብር ባለሜዳው ቡድን የሚጻፈው ሁለተኛ ነው። በእግር ኳስ የለመድነው የዚህን ተቃራኒ ስለሆነ ብዙ ሰው የተሳሳተ ቡድን ገጽ ላይ ማስታወቂያ ሲፈልግ ይውላል። «ፊሊስ – ናሽናልስ» ከተባለ ጨዋታው ዋሽንግተን ነው፤ መታየት ያለበትም የናሽናልስ ገጽ ነው። ኒውዮርክና ቺካጎ እያንዳንዳቸው ሁለት ቡድን ስላላቸው የከተማው ስም ብቻ አይበቃም።

ሰዓቱም ያደናግራል። የሊጉ (ኤምኤልቢ የሚባለው የዋናው የቤዝቦል ሊግ) አፕ የሚያሳየው ስልክዎ ባለበት አገር ሰዓት ነው። ዋሽንግተን ላይ 6:45 የሚጀምር የምሽት ጨዋታ በእኛ አቆጣጠር ከምሽቱ 12:45 ነው። አዲስ አበባ ሆኖ ለሚከታተል ደግሞ ከሌሊቱ 7:45 ይሆንና ቀኑም ይቀየራል። «የማክሰኞ ጨዋታ» አዲስ አበባ ባለ ስልክ ላይ ረቡዕ ተብሎ ሊወጣ ስለሚችል፣ የማክሰኞውን ዝርዝር ከፍቶ ጨዋታውን ያጣ ሰው ቀርቷል ብሎ ሊደመድም ይችላል።

2. ስታዲየሙ ጣሪያ አለው?

ካለው ዝናቡን ይርሱት። የሲያትሉ ቲ-ሞባይል ፓርክ፣ የቶሮንቶው ሮጀርስ ሴንተር፣ ቴክሳስ አርሊንግተን ያለው ግሎብ ላይፍ ፊልድ፣ የሂውስተኑ ዳይኪን ፓርክ፣ የፊኒክሱ ቼዝ ፊልድ፣ የሚልዎኪው አሜሪካን ፋሚሊ ፊልድና የማያሚው ሎንዲፖ ፓርክ የሚከፈትና የሚዘጋ ጣሪያ አላቸው። የሲያትሉ ከላይ እንደ ጃንጥላ ይጋርዳል እንጂ ጎኑን አይዘጋም፤ ጃኬት መያዝ አይከፋም። የናሽናልስ ፓርክና የባልቲሞሩ ካምደን ያርድስ ግን ክፍት ናቸው።

3. ውሳኔው በማን እጅ እንዳለ ይወቁ

መረጃው መጀመሪያ የሚወጣው ከወሳኙ ዘንድ ስለሆነ ይህን ማወቅ ብዙ ፍለጋ ያስቀራል። ጨዋታው ከመጀመሩ በፊት በመደበኛው የሚወስነው ባለሜዳው ቡድን ነው። ስለዚህ የባለሜዳውን ገጽና የኤክስ አካውንት ይክፈቱ። ከተጀመረ በኋላ ሥልጣኑ ወደ ዋና ዳኛው ይተላለፋል፤ ዜናውም ከስታዲየሙ ድምፅ ማጉያ፣ ከቴሌቪዥንና ከሬድዮ አስተላላፊዎች ይሰማል።

በማኅበራዊ ሚዲያ የሚያዩትን ማስታወቂያ ቀኑን ሳያዩ አይመኑ። ባለፈው ወር የተለጠፈ የዝናብ ማስታወቂያ ዛሬ የወጣ መስሎ ዳግም ሲዞር ይታያል። ቡድኑ ቀኑን፣ ተጋጣሚውንና ብዙውን ጊዜ ምትክ ጨዋታው የሚደረግበትን ቀን አብሮ ይጽፋል።

4. የውጤት ገጹን ከፍተው ቃሉን ያንብቡ

የሊጉን አፕ ወይም ኤምኤልቢ ዶት ኮም ላይ የውጤት ገጹን ይክፈቱ። ከሰዓቱ ቦታ የሚወጣው ቃል ሁሉንም ይነግርዎታል፦

«ዲሌይድ» – ዘግይቷል። ጨዋታው አለ፤ የሚጀምርበት ሰዓት ግን ገና አልታወቀም። ይህን አይቶ ወደ ቤት መመለስ ትልቁ ስህተት ነው፤ ከአንድ ሰዓት በኋላ ሜዳው ደርቆ ሊጀመር ይችላል።

«ፖስትፖንድ»፣ ባጭሩ «ፒፒዲ» – የዛሬው የለም፣ ወደ ሌላ ቀን ተዛውሯል። ከቤት አይውጡ።

«ሰስፔንድድ» – ተጀምሮ ተቋርጧል፤ በሌላ ቀን ካቆመበት ይቀጥላል።

«ካንስልድ» – ጨርሶ ቀርቷል። እያንዳንዱ ቡድን በዓመት 162 ጨዋታ ስላለበት ሊጉ እንዲህ የሚያደርገው የውድድሩ ማብቂያ ላይ፣ ውጤቱ ማለፍ አለማለፍን የማይቀይር ሲሆን ነው።

«ፋይናል/6» – ይህ ብዙ ሰው ያሳስታል። ጨዋታው በስድስተኛው ኢኒንግ (ሁለቱም ቡድኖች በየተራ የሚመቱበት ዙር፤ ሙሉ ጨዋታ ዘጠኝ አለው) ቆሞ ውጤቱ ጸድቋል ማለት ነው። ምትክ የለውም።

በአፑ ቅንብር ውስጥ የሚወዱትን ቡድን መርጠው ማሳወቂያውን ቢያበሩ ለውጡ ራሱ ይደርስዎታል።

5. ማስታወቂያ ካልወጣ ሰማዩንም መርሐ ግብሩንም ያንብቡ

ከባዱ ሰዓት ይህ ነው፤ ዝናብ አለ፣ ገጹ ግን ዝም ብሏል። የብሔራዊ የአየር ሁኔታ አገልግሎትን ራዳር በዌዘር ዶት ገቭ ከፍተው የስታዲየሙን ፖስታ ቁጥር ያስገቡ፤ ለናሽናልስ ፓርክ 20003 ነው። የቤትዎን አካባቢ ትንበያ አይዩ፤ የዋሽንግተን ጎረቤት በሆነችው ሲልቨር ስፕሪንግ ዶፍ ሲወርድ ስታዲየሙ ደረቅ ሊሆን ይችላል። የሚፈለገው የዝናቡ መኖር ሳይሆን ቅርጹ ነው። የበጋ አመሻሽ ነጎድጓድ ራዳሩ ላይ ጠባብ ቀይ መስመር ሆኖ ይታያል፤ በአንድ ሁለት ሰዓት ያልፋል፣ ውጤቱም ብዙውን ጊዜ መዘግየት ብቻ ነው። ሰፊና አረንጓዴ ሆኖ ከቀትር እስከ እኩለ ሌሊት የተዘረጋ ዝናብ ከሆነ ግን ቡድኑ ጨዋታው ከሚጀምርበት ሰዓት ብዙ ቀድሞ፣ ደጋፊው ከቤት ሳይወጣ የማዛወር ዕድሉ ይሰፋል።

ከሰማዩ እኩል የሚመዝነው ተጋጣሚው ማን ነው የሚለው ነው፤ ይህን የሚያይ ግን ጥቂት ነው። ከ2023 እ.ኤ.አ. ጀምሮ አንድ ቡድን በራሱ ምድብ ካሉት ጋር 13 ጊዜ ይገናኛል፤ ከሌላው ሊግ ቡድኖች (ኤምኤልቢ በውስጡ አሜሪካንና ናሽናል በሚባሉ ሁለት ሊጎች ይከፈላል) ከአብዛኞቹ ጋር ግን በዓመት ሦስት ጊዜ ብቻ ነው። ናሽናልስ ከምድብ ተቀናቃኙ ከሜትስ ጋር ከሆነ፣ ሜትስ ሌላ ጊዜ ተመልሶ ስለሚመጣ ጨዋታውን ማዛወር ቀላል ነው። ተጋጣሚው ከምዕራብ ጠረፍ የመጣና በዓመቱ የማይመለስ ከሆነ፣ ያውም የመጨረሻ ቀኑ ከሆነ፣ እስከ ሌሊትም ቢሆን ይጠበቃል። በማግስቱ እዚያው የሚጫወቱ ከሆነ ደግሞ በአንድ ቀን ሁለት ጨዋታ ማድረግ የተለመደው መፍትሔ ነው።

ዝናብ ብቻ አይደለም የሚያስቆመው። በጁን 8 ቀን 2023 እ.ኤ.አ. የናሽናልስ ጨዋታ ከካናዳ ሰደድ እሳት በመጣ ጭስ ምክንያት ተዛውሯል፤ የዝናብ ትንበያ ብቻ ያየ ሰው ያንን አይገምትም ነበር። በዚያው ዓመት ኦገስት ሎስ አንጀለስ ላይ ሂለሪ የተባለው ማዕበል ሲቃረብ የዶጀርስ የእሁድ ጨዋታ ወደ ቅዳሜ ተስቧል። ጨዋታ ወደፊት ብቻ ሳይሆን ወደ ኋላም ይሄዳል፤ ማዕበል በሚጠበቅበት ሳምንት ከዋዜማው አስቀድመው ያረጋግጡ።

6. ስታዲየም ከገቡ በኋላ

ሜዳው ላይ ሸራ መዘርጋቱ ጨዋታው ቀረ ማለት አይደለም፤ እንዲያውም ሜዳውን ለጨዋታ ማትረፊያ ነው። በደንቡ ዋና ዳኛው ጨዋታውን ካስቆመ በኋላ ቢያንስ 30 ደቂቃ ሳይጠብቅ ሊበትነው አይችልም። የመጨረሻ ገደብ ግን የለውም፤ ተስፋ እስካለ ድረስ መጠበቅ ይችላል። መብረቅ ከታየ ከላይኛው መቀመጫ ወርደው ጣሪያ ሥር ይግቡ። ሠራተኞች ሸራውን መጠቅለልና አፈሩን ማስተካከል ሲጀምሩ ሊጀመር ተቃርቧል፤ ቡና የሚገዙት ያኔ አይደለም።

ኢኒንጉን ይቁጠሩ። አምስት ኢኒንግ ካለቀ፣ ባለሜዳው እየመራ ከሆነም አራት ተኩል፣ ጨዋታው ሕጋዊ ስለሚሆን እዚያው ሊያበቃ ይችላል። ከዚያ በፊት ከቆመ በሌላ ቀን ይቀጥላል። ሕጋዊ ከሆነም በኋላ ውጤቱ እኩል ሳለ ከቆመ እንዲሁ ይቀጥላል። በኦክቶበሩ የማጣሪያ ውድድር ግን ይህ አይሠራም፤ የ2008 እ.ኤ.አ. የወርልድ ሲሪስ (የፍጻሜው ተከታታይ ግጥሚያ) አምስተኛ ጨዋታ ፊላደልፊያ ላይ በዝናብ ተቋርጦ ከሁለት ቀን በኋላ ከተጠናቀቀ ወዲህ ደንቡ ተቀይሮ፣ የማጣሪያ ጨዋታ ሁሉ እስከ መጨረሻው ይደረጋል።

7. ትኬትዎ

ጨዋታው ከተዛወረ ትኬቱ ብዙውን ጊዜ ራሱ ወደ አዲሱ ቀን ይሸጋገራል፤ ቦልፓርክ የሚባለው የሊጉ አፕ ላይ ቀኑ ተቀይሮ ያዩታል። ገንዘብ መመለስ የሚጠበቀው ጨርሶ ሲቀር ነው። ከሌላ ሰው በድጋሚ ሽያጭ የገዙ ከሆነ የሻጩን ድርጅት ደንብ ያንብቡ፤ በአብዛኛው መዛወር ገንዘብ አያስመልስም። ምትኩ በአንድ ቀን ሁለት ጨዋታ ከሆነ ማስታወቂያውን አስተውለው ያንብቡ፦ «ስፕሊት» ካለ ለእያንዳንዱ ጨዋታ ትኬቱ የተለየ ነው፤ በመካከሉ ስታዲየሙ ይለቀቃል፤ የተዛወረው የቀኑ ይሁን የማታው ካላረጋገጡ በር ላይ ይመለሳሉ። «ስፕሊት» ካልሆነ አንዱ ትኬት ሁለቱንም ያሳያል።